ባልየው የሰበሰባቸው ፊልሞች

አሮጌ ፊልም በሚመረመርበት ጠረጴዛ ዙሪያ ድምፅን ዝቅ አድርጎ የሚወራ ነገር አለ። የጣሊያን ድምፅ አልባ ሲኒማ ንግሥት ትባል የነበረችው ሊዳ ቦሬሊ በ1918 ቪቶሪዮ ቺኒ የሚባል ባለጸጋ አገባች፤ ከዚያ ወዲያ ካሜራ ፊት አልቆመችም። (ዓመቱን ሁሉ የምጠቅሰው በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።) በአደባባይ የሚነገረው እዚህ ያበቃል። በጓዳ የሚነገረው ግን ባልየው የሚስቱን ፊልሞች ቅጂ እያሰሰ ይገዛ እንደነበር ነው፤ ሰው እንዲያያቸው ሳይሆን እንዳያያቸው። የግዢውን ደረሰኝ አይቻለሁ የሚል ሰው አላጋጠመኝምና በወሬነቱ ያዙልኝ። ወሬው እስከ ዛሬ ያልሞተበትን ምክንያት ግን አውቃለሁ። ሴትየዋ አምስት ዓመት ሙሉ የማይፈቀድላትን ሰው የምትወድ ሴት ሆና ተጫወተች፣ ደጋግማ ለፍቅሯ ሞተች፣ በኑሮዋ ደግሞ ለትዳሯ ብላ ዝም አለች። አራት ልጆች ወለደች። ጀርመኖች በ1943 ባሏን ይዘው ዳሃው ወደሚባለው የእስረኞች ካምፕ ሲልኩት፣ ልጃቸው ጆርጆ ጉቦ ከፍሎ እንዳስለቀቀው ይነገራል፤ ለጉቦው የዋለውም የእናቱ ጌጣጌጥ ነው ይባላል። በ1959 ሮም ውስጥ ስታርፍ፣ ፊልሞቿን በትልቅ መጋረጃ ያየ ወጣት አልነበረም ማለት ይቻላል።

እኔ የምኖረው በሮም ምሥራቃዊ ክፍል፣ በቲቡርቲና መንገድና በአኒዬኔ ወንዝ አጠገብ ባለው በፖንቴ ማሞሎ ነው። የምሠራው በድሮ ፊልም ላይ ነው፤ ጥቅል ፈትቶ ማየት፣ ቅጥልጥሉን መቁጠር፣ የጎደለውን መመዝገብ። ከሥራ ውጭ ደግሞ፣ እሑድ እሑድ ከቅዳሴ መልስ፣ ለጎረቤቶቼ ለሐበሻ እናቶች ከነዚህ ፊልሞች አንዱን ቤት ውስጥ አሳያቸዋለሁ። አብዛኞቹ ዕድሜያቸውን በሰው ቤት ሥራ የጨረሱ፣ የጣሊያን ሽማግሌ ሲያስታምሙ የኖሩ ናቸው። በመጋረጃው ላይ የሚወጣውን ጽሑፍ ወደ አማርኛ እየመለስኩ አነብላቸዋለሁ። ያኔ የገባኝ ነገር ይህን እንድጽፍ ገፋፋኝ፦ በድምፅ አልባ ፊልም ፍቅር የሚኖረው በሰውነት ውስጥ ነው፣ በዓይን፣ በትከሻ፣ በጣት። ግዴታ ግን ሁልጊዜ በወረቀት ነው የሚመጣው። ወረቀቱን የያዘው ደግሞ ወንድ ነው።

ቦሬሊን ያወጣት «ፍቅሬ ግን አይሞትም» የተባለው ፊልም ነው፤ በ1913 ማሪዮ ካዜሪኒ ቱሪን ላይ አዘጋጀው። ኤልሳ የአንድ ኮሎኔል ልጅ ናት። የአገር ምስጢር ከቤታቸው ይሰረቃል፣ አባት ራሱን ይገድላል፣ እሷ ትሰደድና በሌላ ስም ዘፋኝ ትሆናለች። የወደደችው ወጣት የዚያው ያሳደዳት አገር አልጋ ወራሽ ሆኖ ይገኛል። አልጋ ወራሽ ስደተኛ ዘፋኝ አያገባም። ስለዚህ መርዝ ጠጥታ መድረክ ላይ ትወጣለች፣ በሕዝብ ፊት ትሞታለች። መልበሻ ክፍሏ ውስጥ ያለውን መስታወት ልብ በሉልኝ። ካሜራው ሳይንቀሳቀስ ሴትየዋን ከፊትም ከኋላም የሚያሳየን እሱ ነው፤ እሷ ሳታየው የሚገባውን ሰው በመስታወቱ ቀድመን እናየዋለን። አንዲት እናት ይህን ስታይ፣ «አየሽ፣ እሱ ቤቱ ይመለሳል፣ እሷ አፈር ትገባለች» አለችኝ። ስለዚህ ዘውግ የተጻፈ ብዙ አንብቤያለሁ፣ ከዚህ የተሻለ አላገኘሁም።

ሴቲቱ ለምን ትሞታለች? ደራሲው ጨካኝ ስለነበረ ብቻ አይደለም። ጣሊያን ከ1913 ጀምሮ የፊልም ሳንሱር ሕግ ነበራት፤ የአገር ግዛት ሚኒስቴር ፈቃድ ያልሰጠው ፊልም ሲኒማ ቤት አይገባም ነበር። ከዚያ በላይ ደግሞ የጋብቻ ሕጉ ራሱ ነበረ። ፍቺ የተፈቀደው በታኅሣሥ 1970 ነው፤ በ1974 ይሻር አይሻር ተብሎ ሕዝብ ድምፅ ሰጥቶበት ነው የጸናው። እስከ 1968 ድረስ ባሏን ያታለለች ሚስት በወንጀል ትከሰስ ነበር፤ ባል ግን በዚያው ልክ አይጠየቅም። ሚስቱን ከሌላ ወንድ ጋር ይዞ ለክብሬ ስል ገደልኳት ያለ ሰው ቅጣት የሚያቀልለት አንቀጽ የተሰረዘው በ1981 ነው። ጋብቻ ሁሉ እንደ ቁርባን ጋብቻ የማይፈታ በሆነበት አገር፣ ያገባች ሴት ሌላ ሰው ስትወድ ለደራሲው የሚቀሩት በሮች ሞት፣ ገዳም፣ ወይም ወህኒ ቤት ናቸው። ተመልካቹ እንባውን ያፈሰሰው መውጫ እንደሌለ አስቀድሞ ስለሚያውቅ ነው።

አሁን ከመጋረጃው ጀርባ ልውሰዳችሁ። ያ ዘመን ፊልም ጥቁርና ነጭ ብቻ አልነበረም። የሌሊት ትዕይንት በሰማያዊ ማቅለሚያ ይነከራል፣ የመብራት ብርሃን ያለበት ክፍል በቢጫ፣ እሳትና የጋለ ስሜት በቀይ። እያንዳንዱ ቀለም ለብቻው ተነክሮ እንደገና ስለሚቀጠል፣ አንድ ቅጂ በመጋጠሚያ የተሞላ ነው። የጽሑፍ ካርዶቹም እንዲሁ በመሐል ይቀጠላሉ። የሚጠፉትም መጀመሪያ እነሱ ናቸው፤ ፊልሙ ወደ ሌላ አገር ሲሸጥ የጣሊያንኛው ካርድ ተቆርጦ የዚያ አገር ቋንቋ ይገባል። ዛሬ ተርፎ የሚገኘው ቅጂ ብዙ ጊዜ ከውጭ አገር የመጣ ነው። ስለዚህ «ባለቤቴ ነው፣ ግዴታዬን አልረሳም» የሚል ካርድ ስታነቡ፣ መጀመሪያ ማን እንደጻፈው እርግጠኛ አትሁኑ። በቃላት ትዳርን ማፍረስም ማቆምም ይቻላል። ድምፅ ከመጣ በኋላ እንኳ፣ የፍራንኮ ስፔን ሳንሱር «ሞጋምቦ» የተባለውን የ1953 የአሜሪካ ፊልም ሲያስተረጉም፣ የሴቲቱን ኃጢአት ለመሸፈን ብሎ ባልና ሚስቱን ወንድምና እህት አድርጓቸዋል። ምስሉ ግን እንደነበረ ቀረ፤ እህትና ወንድም የተባሉት በአንድ ክፍል ሲያድሩ የሚታይበት ጉድ ተፈጠረ። ሰውነት የሚናገረውን ጽሑፍ ሊሸፍነው አልቻለም።

ከሁሉም ይልቅ እናቶቹን ያነጋገራቸው «አሱንታ ስፒና» ነው። በ1915 የሮሙ ቼዛር ፊልም ከሳልቫቶሬ ዲ ጃኮሞ ተውኔት ወስዶ ኔፕልስ ጎዳና ላይ ቀረጸው። አሱንታ ልብስ አጥቦ መተኮሻ ቤት ያላት ሠራተኛ ናት፤ ፍራንቼስካ ቤርቲኒ ትጫወታታለች። እጮኛዋ ሚኬሌ ቀናተኛ ሥጋ ሻጭ ነው። በአደባባይ ፊቷን በስለት ይቀድዳል። ፍርድ ቤት ቀርባ ልታድነው ትሞክራለች፣ እሱ ግን ይፈረድበታል። ከከተማው ርቆ እንዲታሰር ሲወሰን፣ ፌዴሪጎ የሚባል የፍርድ ቤት ጸሐፊ ወደ እሷ ጠጋ ይላል፤ ሚኬሌ እዚሁ ኔፕልስ እንዲታሰር አደርግልሻለሁ፣ አንቺ ከፈለግሽ። ዋጋው ምን እንደሆነ አይጻፍም። ካርድ የለም፣ ዓይን ብቻ። ትቀበላለች። ለእጮኛዋ ስትል የገባችበት ጉዳይ ቆይቶ ፍቅር ይሆንባታል፤ ጸሐፊውን ግን ትሰለቸዋለች። ሚኬሌ ከእስር ወጥቶ ይመጣል፣ ጸሐፊውን ይገድላል፣ ፖሊስ ሲደርስ አሱንታ «እኔ ነኝ» ትላለች።

እዚህ ላይ ክፍሉ ለሁለት ተከፈለ። «ፊቷን የቀደዳትን ሰው ወንጀል ትሸከማለች እንዴ?» ያሉ ነበሩ። አንዲት እናት ግን እጇን አንስታ አስቆመቻቸው። እሷ እንዳለችው አሱንታ ወንጀሉን የወሰደችው ለሚኬሌ ብላ አይደለም፤ በዚያ ታሪክ ውስጥ በራሷ አፍ የተናገረችው የመጀመሪያው ውሳኔ ስለሆነ ነው። ሌላው ሁሉ፣ እጮኛው፣ ጸሐፊው፣ ዳኛው፣ ለእሷ የወሰኑላት ነው። እኔም ከዚያ ቀን ጀምሮ ያን ትዕይንት በእሷ ዓይን ነው የማየው።

የአዘጋጁን ስም በተመለከተም ሹክ የምላችሁ አለ። በፊልሙ ላይ አዘጋጅ ተብሎ የተጻፈው ሚኬሌን ሆኖ የተጫወተው ጉስታቮ ሴሬና ነው። ቤርቲኒ በእርጅናዋ፣ በ1982 ጃንፍራንኮ ሚንጎዚ ስለ እሷ በሠራው ዘጋቢ ፊልም ላይ፣ ፊልሙን ያዘጋጀሁት እኔ ነኝ ብላለች። ሴሬናም ራሱ ቤርቲኒ በሥራው ላይ እንዴት እንደገባችበት፣ ተዋናዩን እያሰለፈች፣ ካሜራው የት እንደሚቆም እየወሰነች እንደነበር የተናገረው ቃል አለ። ጎዳናው ላይ ያለው ሕይወት፣ የእውነት የኔፕልስ ሰዎች ሲያልፉ፣ እሷ ሻርፗን እያስተካከለች ስትራመድ የሚታየው፣ ሙያውን የሚያውቅ ሰው የማን እጅ እንዳለበት ይጠረጥራል። እኔ ቃሏን አምናታለሁ። ያም ሆኖ ስሙ የተጻፈበት ካርድ የወንድ ነው። እሷም በ1921 ፖል ካርቲዬ የሚባል የስዊስ ባንክ ሰው አግብታ የደመቀ ሥራዋን ገታች፤ ከአሜሪካው ፎክስ የመጣላትን ውል አልተቀበለችም። ከዚያ በኋላ ብቅ ያለችው አልፎ አልፎ ነው፤ በ1976 በቤርቶሉቺ «ኖቬቼንቶ» ውስጥ መነኩሴ ሆና ታይታለች። ያረፈችው በ1985 እዚሁ ሮም ነው።

አሁን ወደ ሰፈራችን ልመለስ። ፖንቴ ማሞሎ ለሲኒማ ሰዎች የሚታወቀው በአንድ ተከራይ ነው። ገጣሚውና የፊልም አዘጋጁ ፒየር ፓኦሎ ፓዞሊኒ ከ1951 ጀምሮ ለጥቂት ዓመታት ከእናቱና ከአባቱ ጋር የኖረው እዚህ፣ በሬቢቢያ ወህኒ ቤት አቅራቢያ፣ ግድግዳው እንኳ ገና ባልተለሰነ ድሃ ቤት ውስጥ ነበር። ስለ ገጣሚው ብዙ ተጽፏል። እኔን የሚይዘኝ የእናቱ የሱዛና ነገር ነው። አስተማሪ ነበረች፤ ካርሎ አልቤርቶ የሚባል የጦር መኮንን በ1921 አገባች። ትዳሩ ደስታ አልነበረበትም፤ እሱ ይወዳታል፣ ይቀናባታል፣ ይቆጣል፤ ፍቅሯ ወደ ልጆቿ አደላ። መኮንኑ ወደ እኛ አህጉር መጣ። በምሥራቅ አፍሪካው ጦርነት ተማርኮ ኬንያ በእንግሊዞች ምርኮ ካምፕ ተቀመጠ። ልጁ በ1942 ያሳተመውን የመጀመሪያ የግጥም መጽሐፍ መታሰቢያ ያደረገው ለእሱ ነበር፤ መጽሐፉ ካምፑ ድረስ ሄዶ ደረሰው። አባትየው አገሩ ሲመለስ ግን የተሸነፈ ሰው ነበር፣ መጠጥም ያዘው፤ ትንሹ ልጃቸው ጉይዶም በ1945 ተገድሏል።

ፒየር ፓኦሎ በ1949 ክስ ተመሥርቶበት ሥራውንም ፓርቲውንም ሲያጣ፣ ሱዛና ባሏን ትታ ከልጇ ጋር በ1950 መጀመሪያ በባቡር ወደ ሮም ሸሸች። ሮም ገብታ ምን ሠራች? ሰው ቤት ተቀጠረች። ያቺ አስተማሪ የሰው ልጅ ጠባቂና የቤት ሠራተኛ ሆነች። ይህን ለእናቶቹ ስነግራቸው ክፍሉ ጸጥ አለ፤ እነሱም መምህርት የነበረች፣ ነርስ የነበረች፣ እዚህ መጥታ ወለል የወለወለች አለችባቸው። ከዚያ ባልየው በ1951 ተከትሎ መጣ። ተቀበለችው። ፖንቴ ማሞሎ ያን ቤት የተከራዩት አብረው ለመኖር ነው። እስኪሞት፣ እስከ 1958 መጨረሻ ድረስ፣ ሚስቱ ነበረች። ስለዚህ ትዳር ማንም ፊልም አልሠራም፤ ግን ልጁ እናቱን በ1964 ስለ ማቴዎስ ወንጌል በሠራው ፊልም ውስጥ አሮጊቷን ማርያም አድርጎ መስቀሉ ሥር አቆማት። የምታደርገውን እዩ፦ ትወድቃለች፣ ትነሣለች፣ ፊቷ ይሰበራል። ያለ አንዲት ቃል። ይህ ከቤርቲኒ ዘመን የመጣ አጨዋወት ነው።

ፓዞሊኒ ከድምፅ አልባው ሲኒማ ድራየርንና ቻፕሊንን ይጠቅስ ነበር። በ1967 ደግሞ «ምድር ከጨረቃ ስትታይ» የሚል አጭር ፊልም ሠራ። ቶቶ ሚስቱ የሞተችበት ሰው ነው፣ ከልጁ ከኒኔቶ ጋር አዲስ ሚስት ፍለጋ ይዞራሉ። የሚያገኙት መስማትም መናገርም የማትችል ሴት ነው፤ ሲልቫና ማንጋኖ። ደሳሳውን ቤት በአንድ ቀን ታጸዳዋለች፣ ታበስላለች፣ ትስቃለች። የተሻለ ቤት ለመግዛት ብለው ከኮሎሴዩም ላይ ራሷን ልትጥል ነው እያሉ ገንዘብ ይለምኑባታል፤ ተንሸራታ ትሞታለች። ወደ ቤት ሲመለሱ ግን የሞተችው ሚስት በሩ ላይ ቆማለች። ይፈራሉ። ምግብ ትሠሪያለሽን? ትችላለች። አልጋ ታነጥፊያለሽን? ትችላለች። እንግዲያ ምን ቸገረን ይላሉ። ፊልሙ እንደ ቀልድ ነው የተሠራው፤ እኛ ቤት ግን ብዙ ሰው አልሳቀም። ከሞት በኋላ እንኳ የማያልቅ የሚስትነት ሥራ ለእነዚህ ሴቶች እንግዳ ነገር አይደለም።

ዝም ያለችው ሚስት አንድ ነገር ናት፣ ጨርሶ ሚስት እንዳትሆን የተከለከለችው ሌላ። የመጨረሻው ሹክሹክታ እኛን ይመለከታል። በሚያዝያ 1937 ጣሊያን ቁጥር 880 የሆነ አዋጅ አወጣች፤ የጣሊያን ዜጋ ከቅኝ ግዛቷ ሴት ጋር እንደ ባልና ሚስት ቢኖር ከአንድ እስከ አምስት ዓመት ይታሰራል። ከዚያ በፊት ወታደሩና ሠራተኛው የእኛን የደሞዝ ጋብቻ ልማድ ለራሱ እንዲመች አድርጎ፣ የገባበትን ግዴታ ሳይወጣ፣ ሴቶችን ቤቱ ያኖር ነበር። አዋጁ ሲወጣ ዳኞቹ የጠየቁት ጥያቄ ነው የሚያስደነግጠው። ለአንድ ሌሊት ከሆነ ወንጀል አይደለም፣ ገንዘብ ከፍሎ ከሆነ ወንጀል አይደለም። አብረው ከአንድ ማዕድ ከበሉ፣ ስትታመም ካስታመማት፣ ስጦታ ከገዛላት፣ በደብዳቤ ናፍቀሽኛል ካለ፣ ያ ማስረጃ ነው። የሚያስቀጣው መውደዱ ነበር። እውነተኛ ሜሎድራማ ፍርድ ቤት መዝገብ ውስጥ ተኝቷል፣ ለዐቃቤ ሕግ ኤግዚቢት ሆኖ።

የዘመኑ ሲኒማ ይህን እንዴት አሳየ? በ1938 ጉይዶ ብሪኞኔ፣ ከድምፅ አልባው ዘመን የመጣ አዘጋጅ፣ «ከደቡብ መስቀል በታች» የሚለውን ፊልም አወጣ፤ ታሪኩ ኢትዮጵያ ውስጥ ባለ የጣሊያን እርሻ ላይ ነው። ማይሉ የምትባል ክልስ ሴት አለች፤ የምትጫወታት ዶሪስ ዱራንቲ የምትባል ነጭ ጣሊያናዊት ናት። ጣሊያናዊው ወጣት ይወዳታል። ፊልሙ የሚጨርሰው እሷን በማስወጣት ነው፤ ትሄዳለች፣ እርሻው ይቀራል። ቦሬሊ መርዝ እንድትጠጣ ያደረገው ያው ሒሳብ ነው፣ አሁን በዘር ተሰልቶ። ኤንዮ ፍላያኖ በ1947 የመጀመሪያውን የስትሬጋ ሽልማት ባገኘበት ልቦለዱ፣ ፊልምም በሆነው፣ አንድ የጣሊያን መኮንን ኢትዮጵያዊቷን ማርያምን ይገድላታል፤ መጽሐፉ በሙሉ የእሱ ጭንቀት ነው። እሷ ቋንቋው የማይገባት፣ ቋንቋዋም የማይገባው፣ አጠገቡ ያለ ድምፅ የምታልፍ ሴት ናት።

ስለዚህ ይህን የሚያነብ የፊልም ሰው ካለ አንድ ነገር እጠይቀዋለሁ። ከነዚያ የ1937 መዝገቦች አንዱን ያንሳ፣ ከፈለገም ድምፅ አልባ አድርጎ ይሥራው፤ በሰማያዊ ሌሊት፣ በቢጫ የኩራዝ ብርሃን። ዳኛው ከንፈሩን ያንቀሳቅስ፣ ዐቃቤ ሕጉ ደብዳቤውን ከፍ አድርጎ ያሳይ፣ አንድም ካርድ አይስጣቸው። የጽሑፍ ካርዶቹን በሙሉ ለሴቲቱ ይስጣት፣ በአማርኛ ወይም በትግርኛ፣ ትርጉም ሳይጨምር።